በኒስ ደጅ የተቀመጠው አልዓዛር

ሲኒማ የሥራ ፈቶች መጫወቻ ነውና የቤተ ክርስቲያን ሰው ሊነጋገርበት አይገባም የሚሉ አሉ። ይህን የሚሉት ለነፍስ በማሰብ እንደ ሆነ እናውቃለን። ዳሩ ግን ሳይመረምሩ መፍረድ ከሊቃውንት አይጠበቅምና አንድ ምስክር አቅርበን እንከራከራለን።

እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1930 ዓ.ም. ዣን ቪጎ የተባለ የ25 ዓመት ፈረንሳዊ ከቦሪስ ካውፍማን ጋራ ሆኖ «ስለ ኒስ» የሚባለውን ድምፅ አልባ ፊልም ሠራ። ቪጎ በሜዲቴራኒያን ባሕር ዳር ወዳለችው ወደ ኒስ የመጣው በሳንባ ነቀርሳ ስለ ታመመ አየሯ ይስማማዋል ተብሎ ነበር። ፊልሙ ግማሽ ሰዓት አይሞላም። ባለጠጎቹ «የእንግሊዞች መንሸራሸሪያ» በሚባለው ጐዳና በወንበር ተዘርግተው ፀሐይ ሲሞቁ ይታያሉ፤ ወዲያውም ፀሐይ የማይደርስበት የአሮጌው ከተማ ጠባብ መንገድ፥ በላዩ የተሰጣው ልብስ፥ በውስጡም የድሆች ልጆች ይታያሉ። ከዚያም የካርኒቫል ጭፈራ ይመጣል፤ መቃብሩም ይከተላል።

ይህ ከተማይቱን ማዋረድ ነው የሚል ቢኖር፥ የወንጌሉን ባለጠጋ ያስብ። እርሱ የተፈረደበት ሐምራዊ ስለ ለበሰ ብቻ አይደለም፤ በደጁ የወደቀውን አልዓዛርን እያለፈው ስላላየው ነው እንጂ። ቪጎ ሁለቱን ጐን ለጐን አቆማቸው። እንግዲህ ነውሩ የማን ነው? ያሳየው ወይስ ያላየው?

ስሕተት የለበትም ግን አንልም። ካውፍማን በሕመምተኛ ተሽከርካሪ ወንበር ተቀምጦ ካሜራውን ደብቆ፥ ቪጎም እየገፋው፥ ሰዎቹ ሳያውቁ መልካቸውን ወስደዋል። ባለጠጋ መልኩ ቢወሰድበት ሊሟገት ይችላል፤ ድኻው ግን ጠበቃ የለውም። በወንበር የተቀመጠችውን ሴት በብልሃት ልብሷን እየለዋወጡ በመጨረሻ ዕራቁቷን ማሳየታቸውንም አናመሰግንም፤ መገሠጽ ሌላ፥ ማጋለጥ ሌላ ነው። ነገር ግን ስለ እንክርዳዱ ስንዴው አይነቀልም።

ቪጎ በ1934 ዓ.ም. በ29 ዓመቱ ዐረፈ። ፊልሙ ግን ዛሬም ይታያል፤ ይጠይቃልም። ጥያቄውም ለኒስ ሰዎች ብቻ አይደለም። እኛም ቅዳሴ ሰምተን ስንወጣ በደጀ ሰላም የተቀመጡትን ስንቶቹን በመልካቸው እናውቃለን? ሲኒማን ከመውቀሳችን በፊት ለዚህ መልስ እናዘጋጅ። ካሜራ ያየውን የካህን ዓይን ሳያይ ቢቀር፥ ፍርዱ በካሜራው ላይ አይሆንም።