ቀረጥ ያየው፣ ላቦራቶሪ ያላየው ገበያ

በጥቅምት 2015 ዓ.ም. የገንዘብ ሚኒስቴር 38 የዕቃ ዓይነቶች የውጭ ምንዛሪ እንዳይፈቀድላቸው አገደ። ሽቶ፣ የመዋቢያ ዕቃና ሂውማን ሄር ከውስኪ፣ ከቸኮላትና ከአውቶሞቢል ጋር በአንድ ዝርዝር ሰፈሩ። ሐሳቡ ለማንም ግልጽ ነበር፤ ዶላር አጥሯል፣ ያለችውም ለነዳጅ፣ ለመድኃኒትና ለማዳበሪያ ትዋል። እገዳው በወረቀት እንደሰፈረው ቢሠራ ኖሮ በጥቂት ወራት ውስጥ የመርካቶና የቦሌ ኮስሞቲክስ ቤቶች መደርደሪያ ባዶውን መቅረት ነበረበት። አልቀረም። ዋጋው ናረ እንጂ ሻምፖው፣ ሎሽኑም ሊፒስቲኩም መሸጡን ቀጠለ። ከገበያው የጠፋው አስመጪው ለጉምሩክና ለተቆጣጣሪ የሚያቀርበው ሰነድ ነበር።

መንግሥት ይህን ዘርፍ ለረጅም ዓመታት የተመለከተው በግምጃ ቤት ዓይን ነው፤ ገንዘብ ሲያስፈልግ ታክስ የሚጣልበት፣ ዶላር ሲቸግር የሚታገድ ቅንጦት አድርጎ። ይህ አመለካከት በሁለት በኩል ጎድቶናል ባይ ነኝ። ሸማቹን ምንጩ ለማይታወቅ ዕቃ አጋልጦታል፤ አገር ውስጥ ለማምረት የሚሞክረውንም በጥራት የሚወዳደርበት ሜዳ ነሥቶታል። ቆዳ ላይ የሚቀባ ነገር ከሁሉ በፊት የጤና ጉዳይ ነው። የኢትዮጵያ የኮስሞቲክስ ገበያም የጎደለው ዕቃ ወይም ጥሬ ዕቃ አይደለም፤ አመኔታ ነው።

የቅንጦት ስያሜው በ2015 አልተጀመረም። በ1995 ዓ.ም. የወጣው የኤክሳይዝ ታክስ አዋጅ ቁጥር 307 ሽቶ ላይ 100 በመቶ ታክስ ጥሎ ነበር፤ በ2012 የተካው አዋጅ ቁጥር 1186ም ሽቶን ከዝርዝሩ አላወጣውም። ሽቶ ብቻ ቢሆን ነገሩ ያስኬዳል፤ ሽቶ ባለመቀባቱ የሞተ የለም። ነገር ግን የታሪፍ መጽሐፍ ዕቃን የሚመድብበት መንገድ ሰው ከሚጠቀምበት መንገድ ይለያል። በዓለም አቀፉ የዕቃዎች አመዳደብ 33.04 የተባለው አንቀጽ ሊፒስቲክን፣ የዓይን መኳኳያንና የፊት ፓውደርን ከቆዳ መንከባከቢያ ክሬምና ከፀሐይ መከላከያ ቅባት ጋር አንድ ላይ ይዟል። በዚህ አንቀጽ ውስጥ ለሠርግ የሚኳሉትና አልቢኒዝም ያለበት ሕፃን ትምህርት ቤት ከመሄዱ በፊት የሚቀባው ክሬም ጎረቤታሞች ናቸው። ቆዳው ሜላኒን የሌለው ሰው ከባሕር ጠለል ከ2,000 ሜትር በላይ ከፍታ ባለው ደጋ ያለ መከላከያ ሲኖር የፀሐይ ጨረሩ ያቃጥለዋል፤ ዓመታት ሲደራረቡም ለቆዳ ካንሰር ይዳርገዋል። ለዚህ ሰው ያ ቱቦ ክሬም ከመድኃኒት አይተናነስም። በቅንጦት ስም የሚወሰን ውሳኔ ይህን ልዩነት አያየውም።

እገዳው ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. ከውጭ ምንዛሪ ማሻሻያው ጋር ተነሣ። ግን በዚያው ቀን ብር በገበያ ዋጋ እንዲወሰን ተለቀቀና 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ 100 ብርን ተሻገረ። ትናንት በደብዳቤ የተከለከለው ዕቃ ዛሬ በዋጋው ተከለከለ። ሸማቹ ፊቱን ወደ ርካሹ ያዞረው፣ ርካሹም ከየት እንደመጣ መጠየቅ ያቆመው በዚህ ሁኔታ ነው።

ዕቃው በየት በኩል ይገባል? አንዱ መንገድ ሻንጣ ነው። ከዱባይ፣ ከጅዳ፣ ከቤይሩት የምትመለስ እህት፣ ከዋሽንግተን ለበዓል የሚመጣ አጎት፣ ሁሉም «ስትመጣ ይዘህልኝ ና» የተባለውን ይዞ ይመጣል። ከዚያ የሚተርፈው በጓደኛና በቴሌግራም ይሸጣል። ሌላው መንገድ በድንበር የሚገባው ኮንትሮባንድ ነው። በስጦታ ሻንጣ ውስጥ የመጣ ሻምፖ በአብዛኛው ደህና ሻምፖ ሊሆን ይችላል። ችግሩ የሚመጣው አንድ ነገር ሲበላሽ ነው፤ ፊቷ የተቃጠለባት ሴት የምትከሰው አድራሻ የላትም። ፈቃድ ያለው አስመጪ ግን መጋዘን፣ የግብር ቁጥርና የባች መዝገብ አለው፤ የተበላሸ ዕቃ ቢያስገባ ይጠየቃል፣ ዕቃውም ይሰበሰባል። እገዳና ከባድ ታክስ የሚያገኙት ይህን አድራሻ ያለውን ሰው ነው፤ አድራሻ የሌለውን አይነኩትም። እንዲህ ያለ ፖሊሲ ውሎ ሲያድር ሕጋዊውን እየቀጣ ሕገወጡን ይሸልማል።

ተቆጣጣሪ በሌለበት ሸማቹ ራሱ መርማሪ ሆኗል። ጠርሙሱን ያገላብጣል፣ ክዳኑን ከፍቶ ያሸታል፣ «ኦሪጅናል ነው ወይስ ፎርጅድ?» ብሎ ሻጩን ይጠይቃል፤ ሻጩ «ኦሪጅናል ነው» ከማለት ሌላ ምን እንደሚመልስ ግን አይታወቅም። ብዙዎች ባርኮድ ያያሉ። የባርኮድ የመጀመሪያ ቁጥሮች ኮዱ በየትኛው አገር እንደተመዘገበ ከመናገር በቀር ዕቃው የት እንደተመረተ ወይም ጥራቱ ምን እንደሆነ አይናገሩም፤ አስመስሎ የሚሠራ ሰውም ባርኮዱን ጭምር ማተም አያቅተውም። ውድነቱን እንደ ዋስትና የሚወስድም አለ። ከእነዚህ ሁሉ በላይ የሚታመነው ደግሞ የፀጉር ቤቷ ባለሙያ ቃል ነው። ሹሩባ የምትሠራው፣ ካስክ ውስጥ የምታስገባው፣ ፀጉር የምታለሰልሰው እሷ ናት፤ የትኛው ክሬም ማድያት እንደሚያጠፋም የምትጠየቀው እሷው ናት። ሙያዋን አከብራለሁ፤ ግን ክሬሙ ውስጥ ምን እንዳለ እሷም የምታውቀው መለያው የነገራትን ያህል ብቻ ነው።

ይህ ሁሉ አመኔታ የሚፈተነው በማድያትና በቆዳ ማቅያ ክሬሞች ነው። እዚህ ላይ ሳይንሱን ማወቅ ይጠቅማል፤ ገበያው የሚሠራው በእሱ ነውና። በየአገሩ በተደጋጋሚ ሲገኙ የኖሩት አደገኛ ንጥረ ነገሮች በዋናነት ሦስት ናቸው። ሜርኩሪ ሜላኒን የሚሠራውን ኢንዛይም ያግዳል፤ በቆዳ በኩል ወደ ደም ገብቶም ኩላሊትንና ነርቭን ይጎዳል። ሃይድሮኪኖን ሐኪም በልክና ለተወሰነ ጊዜ ለማድያት የሚያዘው መድኃኒት ነው፤ ያለ ልክ ለዓመታት ሲቀባ ግን ቆዳውን መልሶ ያጠቁረዋል፣ ያም ጥቁረት በቀላሉ አይለቅም። ሦስተኛው እንደ ክሎቤታሶልና ቤታሜታዞን ያለ ኃይለኛ ስቴሮይድ ነው። ስቴሮይድ የደም ሥሮችን ያጠብባል፣ ብግነትን ያፍናል፤ በጥቂት ቀናት ውስጥ ፊት ይጠራል፣ ብጉር ይደርቃል። ደንበኛዋ ደስ ይላታል፣ ለጓደኛዋም ትናገራለች። ወራት ሲቆጠሩ ቆዳው ይሳሳል፣ የደም ሥር ይታያል፣ ያለ ቦታው ፀጉር ይበቅላል። ጭርት የያዘው ሰው ቢቀባው ደግሞ ማሳከኩ ሲቀንስለት የዳነ ይመስለዋል፤ ፈንገሱ ግን ውስጥ ለውስጥ ይስፋፋል።

ዋናው ወጥመድ ከዚህ በኋላ ይመጣል። ክሬሙን ስታቆመው ፊቷ ቀልቶ ይነዳል፣ ብጉሩ በእጥፍ ይመለሳል። ተመልሳ ስትቀባው ይበርዳል። እሷ የምትረዳው «ይህ ክሬም ብቻ ነው የሚስማማኝ» ብላ ነው። ሌላ ነጋዴ በማስታወቂያ የሚለፋለትን የደንበኛ ታማኝነት ይህኛው በሱስ ያገኘዋል። ለዚህ ነው ሸማቹን «ተማር፣ ተጠንቀቅ» እያሉ መምከር ብቻውን የማይበቃው። ጎጂው ዕቃ የሚያሸንፈው ፈጥኖ ስለሚሠራ ነው፤ ጉዳቱ በሚታይበት ጊዜ ብራንዱ ስሙን ቀይሮ፣ ሱቁም ሌላ ካርቶን ከፍቶ ይሆናል።

ሕጉ ይህን አያውቅም ማለት ግን አይቻልም። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112 ኮስሞቲክስን ከምግብ፣ ከመድኃኒት፣ ከሕክምና መሣሪያና ከትምባሆ ጋር በአንድ የጤና ሕግ ሥር አስቀምጦታል። ብዙ ሰው ይህን አዋጅ የሚያስታውሰው የቢራ ማስታወቂያን ከቴሌቪዥን ባስወጣው ድንጋጌው ነው፤ የኮስሞቲክሱ ክፍል ግን እምብዛም አይነሣም። ስለዚህ በአገራችን አንድ ሎሽን ሁለት ማንነት አለው ማለት ይቻላል። በጤናው ሕግ ጉዳት እንዳያደርስ መመርመር ያለበት ዕቃ ነው፤ በግምጃ ቤቱ መዝገብ ደግሞ ቅንጦት ነው። በተግባር ጉልበት ያገኘው ሁለተኛው ነው። ተቆጣጣሪው ሱቅ ወርዶ ዕቃ የሚወርሰው አብዛኛውን ጊዜ ገበያው ከጠገበ በኋላ ነው፤ ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ እንዲሉ።

«ታዲያ ወደ አያቶቻችን እንመለስ» የሚል ክርክር እዚህ ላይ ይነሣል። ሀብታችን በእርግጥ የሚናቅ አይደለም። ለጋ ቅቤ ከአደስ ጋር ለፀጉር፣ እንሶስላ ለእጅና ለእግር፣ የወይባ ጢስ ለአራስና ለሙሽራ፣ በምሥራቅ ቃሲልና ሂና፤ እያንዳንዱ የራሱ ሥርዓትና ባለሙያ ያለው ዕውቀት ነው። ነገር ግን አገር በቀል መሆን ከምርመራ ነፃ አያወጣም። በልዩ ልዩ አገሮች ገበያ የተሸጠ ኩል ሲመረመር የእርሳስ ማዕድን ተገኝቶበታል፤ እርሳስ ደግሞ የሕፃንን አእምሮ ይጎዳል። ሎሚ ተቀብቶ ፀሐይ ላይ መውጣት ቆዳን ያቃጥላል፣ ጠባሳም ያስቀራል። ውኃ ያለበት ክሬም «ኬሚካል የለውም» ተብሎ ያለ ማቆያ ከተሸጠ ባክቴሪያና ሻጋታ ያፈራል። የተፈጥሮ ነው የሚለው ማስታወቂያ የውጭውን ፎርጅድ ያህል ሊያሳስት ይችላል።

ጥሬ ዕቃችን በራሱ ኢንዱስትሪ የሚሆንልን የሚመስላቸው ደግሞ ዝባድን ያስታውሱ። ኢትዮጵያ ለዘመናት ለአውሮፓ ሽቶ ቀማሚዎች የጥርኝ ዝባድ ዋና አቅራቢ ነበረች፤ ገበሬው ጥርኙን በጉረኖ አስሮ የሚሰበስበው ዝባድ በበሬ ቀንድ ታሽጎ ይወጣ ነበር። ኬሚስቶች የዝባድን መዓዛ ዋና ሞለኪውል አወቃቀር በ1920ዎቹ እ.ኤ.አ. አወቁ፣ በላቦራቶሪ መሥራትም ቻሉ። የእንስሳት መብት ተሟጋቾች ጫና ሲያይል ሽቶ ሠሪዎቹ ፊታቸውን ወደ ሰው ሠራሹ አዞሩ፤ ሻኔልም ከ1998 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የተፈጥሮ ዝባድን መተካቱን ገልጿል። ሽቶው ዛሬም ይሸጣል፤ የጅማው ገበሬ ግን በገዥው ውሳኔ ላይ ቃል አልነበረውም። እጣን፣ ከርቤና የንብ ሰምም ተመሳሳይ መንገድ ላይ ናቸው። ትርፉ ያለው ቀመሩን ከሚያውቀው፣ ጥራቱን በወረቀት ከሚያረጋግጠውና ስሙ ከሚታመነው ዘንድ ነው።

«ደቡብ ኮሪያም እኮ የውጭ ኮስሞቲክስ ከልክላ ነው ያደገችው» የሚል ሊኖር ይችላል። እውነት ነው፤ በ1961 እ.ኤ.አ. የወጣው ሕግ የተወሰኑ የውጭ ሸቀጦች እንዳይሸጡ ሲከለክል መዋቢያዎችም ነበሩበት። ይሁን እንጂ ከአሜሪካ ጦር ሰፈሮች ሱቅ የሚሾልኩ ክሬሞች የጥቁር ገበያ ንጉሥ ሆነው ቆይተዋል። ዛሬ አሞሬፓሲፊክ የሚባለው የሱ ሱንግ ህዋን ድርጅት ደግሞ የምርምር ላቦራቶሪውን የከፈተው በ1954፣ ከእገዳው ሰባት ዓመት ቀድሞ ነው። በ2008 እ.ኤ.አ. አገሪቱ በኮስሞቲክስ ማሸጊያ ላይ ሙሉው የንጥረ ነገር ዝርዝር እንዲጻፍ ግዴታ አደረገች። እገዳው ጊዜ ሰጥቷቸዋል፤ ጊዜውን ወደ አመኔታ የለወጠው ላቦራቶሪውና መለያው ነው። እኛ የወሰድነው የክልከላውን ጎን ብቻ ነው።

ምን ይደረግ? መነሻው ዕቃውን መለየት ነው። የፀሐይ መከላከያ ከሊፒስቲክና ከሽቶ ተለይቶ እንደ ጤና ምርት ይታይ፤ ታክሱም በዚያው ልክ ይቅለልለት። ቀጥሎ ቁጥጥሩ ከሱቅ ወረራ ወደ ናሙና ምርመራ ይዙር። ሜርኩሪን ክሬሙን ሳይጨርሱ በደቂቃዎች የሚለይ በእጅ የሚያዝ የኤክስሬይ መሣሪያ አለ፤ ስቴሮይድና ሃይድሮኪኖንን ለመለየት ግን ደህና ላቦራቶሪ ያስፈልጋል። የምግብና መድኃኒት ባለሥልጣንና የኢትዮጵያ ተስማሚነት ምዘና ድርጅት ናሙና ከገበያ በዘፈቀደ እየገዙ ቢመረምሩ፣ ውጤቱንም በብራንድና በባች ቁጥር ለሕዝብ ቢያወጡ ሸማቹ ጠርሙስ ከማሽተት ያርፋል። መለያው ላይ የአስመጪው ስምና ስልክ፣ ንጥረ ነገሩና የሚያበቃበት ቀን ግዴታ ይሁን፤ የአማርኛና የሌሎች የአገር ቋንቋዎች ማብራሪያም ይኑረው። የመጀመሪያዎቹ አጋሮች ሊሆኑ የሚገባቸው ደግሞ የፀጉር ቤት ባለሙያዎች ናቸው፤ ክሬሙ መጀመሪያ የሚደርሰው በእጃቸው፣ ቃጠሎውንም መጀመሪያ የሚያዩት እነሱ ናቸውና።

ይህ ለአገር ውስጥ አምራቹም የሚበጀው ነው። በቤቷ ከሞሪንጋ፣ ከጥቁር አዝሙድና ከጋምቤላ ሺያ ቅቤ ሳሙናና ክሬም ለመሥራት የምትሞክር ወጣት ዛሬ የምትወዳደረው ስቴሮይድ ካለበት፣ በሦስት ቀን «ከሚያፀዳ» ክሬም ጋር ነው። በሐቅ ብትሠራ በሦስት ቀን ልታሸንፈው አትችልም። ተፎካካሪዋ ተመርምሮ ከገበያ ሲወጣ፣ የእሷ ዕቃ ደግሞ ተመርምሮ ማረጋገጫ ሲያገኝ ግን ጨዋታው ይለወጣል። ጥብቅ ምርመራ ለሐቀኛ አምራች ከታክስ ዕረፍት የሚበልጥ ድጋፍ ነው።

ከ120 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ ያለውና አብዛኛው ወጣት የሆነ አገር መዋቡን አይተውም፤ በእገዳው ዘመንም አልተወም። መንግሥት የሚመርጠው ዕቃው በየትኛው በር እንዲገባ ብቻ ነው። በግልጽ በር ከገባ ታክሱን ይሰበስባል፣ ጥፋት ሲገኝም ተጠያቂውን ያውቃል። በጓሮ ከገባ ታክሱንም ተጠያቂውንም ያጣል፤ ሂሳቡም ውሎ አድሮ ከጉምሩክ ወደ ሆስፒታል የቆዳ ክፍል ይዛወራል። በዶላር ስሌት ብቻ ብናየው እንኳ የተቃጠለ ፊትና የደከመ ኩላሊት ለማከም የሚገባው መድኃኒት የሚከፈለው በዚያው በተቆጠበው የውጭ ምንዛሪ ነው።