ዝምታን የሰበረው ሠዓሊ፦ «አንሴልም» የተሰኘው ፊልም ምን ይለናል?

አንድ ሠዓሊ በስቱዲዮው ውስጥ በብስክሌት ይዞራል። ፓሪስ አጠገብ ያለው ይህ ስቱዲዮ ቀድሞ የአንድ ትልቅ መደብር መጋዘን ነበር፤ በእግር አይደረስም። ሰውዬው ሸራው ላይ ገለባ ይለጥፋል፣ ከዚያ በእሳት ያቃጥለዋል፤ ረዳቱ ደግሞ ውሃ ይረጫል።

ሠዓሊው ጀርመናዊው አንሴልም ኪፈር ነው። ፊልሙን የሠራው የሀገሩ ልጅ ቪም ቬንደርስ ሲሆን፣ በ2023 እ.ኤ.አ. በካን ፌስቲቫል ለመጀመሪያ ጊዜ ታይቷል።

ዘጋቢ ፊልም ነው፤ ግን እንደለመድነው አይደለም። ወንበር ላይ ተቀምጠው የሚተነትኑ ባለሙያዎች የሉም። የኪፈርን ወጣትነት የሚተውነው የገዛ ልጁ ነው። የተቀረፀው ደግሞ በስሪ ዲ ነው። ምክንያት አለው፦ የኪፈር ሥዕሎች አመድ፣ ገለባና እርሳስ የተጫነባቸው ወፍራም ነገሮች ናቸው፤ ተራ ካሜራ ጠፍጣፋ ያደርጋቸዋል።

ዋናው ጉዳይ ግን ሌላ ነው። ኪፈርም ቬንደርስም የተወለዱት በ1945 ነው፤ ናዚ በወደቀበት ዓመት። ያደጉት ፍርስራሽ መሃል ነው። ምን እንደተፈጸመ ሲጠየቁ ብዙዎቹ ትልልቆች ዝም ይሉ ነበር።

በ1969 ወጣቱ ኪፈር በተለያዩ የአውሮፓ ቦታዎች ቆሞ፣ በጀርመን በሕግ የተከለከለውን የናዚ ሰላምታ እየሰጠ ፎቶ ተነሳ። ፎቶዎቹ ሲታተሙ ቁጣ ቀሰቀሱ። «ይሄ ሰው እየተቃወመ ነው ወይስ እያደነቀ?» የሚለው ጥርጣሬ ለዓመታት ተከትሎታል። እኛ እንደምናየው ግን፣ ሁሉም የደበቀውን ቁስል አደባባይ ማውጣቱ ነበር።

ፊልሙ እንከን የለውም አንልም። ቬንደርስ ሠዓሊውን በጣም ያደንቃል፤ ትችቱን ይነካካዋል እንጂ ጠበቅ አድርጎ አይጠይቅም። የሥራዎቹ ግዝፈትም አንዳንዴ ጥያቄውን ይውጠዋል። በስልክ ካያችሁት ደግሞ ስሪ ዲው ስለሚቀር ግማሹ ነገር ያመልጣችኋል።

ቢሆንም አንድ ነገር ይዘን ወጥተናል። ጦርነት ተኩሱ ሲቆም አያልቅም። ወላጆች ያልተናገሩትን ልጆች ይወርሱታል፤ ኪፈር ዕድሜውን ሙሉ የቆፈረውም ይህንኑ ነው። አንዳንዱ «ያለፈውን መነካካት ቂም ማደስ ነው» ይላል። ሥጋቱ ይገባናል። ግን ያልተነገረ ነገር ይረሳል እንዴ? ወይስ ሌላ ሰው በፈለገው መንገድ እስኪያወራው ይጠብቃል?

እናንተስ ምን ትላላችሁ?