አሮጌው ኮምፒውተር ከመጣሉ በፊት



በቱርሚ የሰኞ ገበያ የዋለ ሰው ሁሉ በርኮታን ያውቃል። የሐመር ሽማግሌ ያችን አንዲት እንጨት ሲቀመጥ ወንበር፣ ጋደም ሲል ትራስ ያደርጋታል፤ በአንድ ጊዜ ግን ሁለቱንም አትሆንለትም። ዛሬ ልጽፍበት ያሰብሁት ጉዳይ ከዚህ የራቀ አይደለም፤ ይኸውም በአንድ ኮምፒውተር ላይ ሁለት ኦፐሬቲንግ ሲስተም፣ ማለት ኮምፒውተሩን የሚያንቀሳቅሱ ሁለት ሥርዓቶች፣ ስለ ማኖር ነው።

አጎቴ ከጂንካ ያመጣልኝ አሮጌ ላፕቶፕ ዊንዶውስ 10 የተጫነበት ነበር። ማይክሮሶፍት ለዚህ ሥርዓት ይሰጥ የነበረውን መደበኛ ድጋፍ ጥቅምት 4 ቀን 2018 ዓ.ም. ስላቆመና ዊንዶውስ 11ም ይህን መሣሪያ ስለማይቀበል፣ ብዙዎች «ጣለውና ሌላ ግዛ» አሉኝ። የሌላው ዋጋ ግን ከየት ይመጣል? በበኩሌ ምክሩን አልተቀበልሁም።

ሊኑክስ የተባለውን ነጻ ሥርዓት በ1983 ዓ.ም. የጀመረው ሊኑስ ቶርቫልድስ ያን ጊዜ በሄልሲንኪ ዩኒቨርሲቲ የ21 ዓመት ተማሪ ነበር። ከዚህ ሥርዓት ዓይነቶች አንዱ የሆነው ሊኑክስ ሚንት 2 ጊጋባይት ራም ባለው ኮምፒውተር ላይ እንኳ ይሠራል። ሃርድ ዲስኩ ተከፍሎ ከዊንዶውስ ጎን በተጫነ ጊዜ፣ ግራብ የሚባለው አስነሺ ፕሮግራም ኮምፒውተሩ በተከፈተ ቁጥር ሁለቱን ስሞች ደርድሮ ያስመርጣል።

ኢንተርኔት በሚያስቸግርበት ስፍራ ደግሞ ቬንቶይ የተባለው ፕሮግራም ትልቅ ረዳት ነው። አንድ ጊዜ በፍላሽ ላይ ከተጫነ በኋላ የልዩ ልዩ ሥርዓቶችን የአይኤስኦ ፋይሎች እንደ ማንኛውም ፋይል መገልበጥ ብቻ ይበቃል። አንዱ ፋይል 3 ጊጋባይት ያህል ቢሆን፣ ባለ 32 ጊጋባይት ፍላሽ ብዙ ይይዛል። እንግዲህ አንዱ ጂንካ ወርዶ ያመጣውን መላው ክፍል ሊጠቀምበት፣ ሃርድ ዲስኩንም ሳይነካ ከፍላሹ አስነሥቶ ሊሞክረው ይችላል ማለት ነው።

አንዳንዶች «ያለን ጽሑፍ ቢጠፋስ?» ይላሉ። ሥጋታቸው ከንቱ አይደለም። ቬንቶይ ሲጫን በፍላሹ ያለውን ሁሉ ይደመስሳል፤ እኔም የእህቴን የማስተማሪያ ጽሑፍ የያዘውን ፍላሽ የራሴ መስሎኝ አጠፋሁት። ሦስት ምሽት ሙሉ እንደገና ስትጽፍ አጠገቧ ተቀምጬ ከደብተሯ ያነበብሁላት እኔ ነበርሁ። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች የሚባለው እንዲህ ላለው ነው። ነገር ግን ጥፋቱ የችኮላዬ እንጂ የትምህርቱ አልነበረም።

ስለዚህ በየክፍሉ አንድ የጋራ ፍላሽ ይዘጋጅ። ማንም ተማሪ ፋይሎቹን በሌላ ቦታ ሳያስቀምጥ፣ የሚጭንበትንም ድራይቭ ስምና መጠን ሁለት ጊዜ ሳይመለከት አይጀምር። እናንተም ወላጆቻችን አሮጌውን ኮምፒውተር ከመጣላችሁ በፊት ለእኛ ለልጆቻችሁ አንድ ቀን ስጡን። እኔ እስከ ዛሬ በርኮታው ስላረጀ የጣለ ሽማግሌ አላየሁም።