የሚያበቃበት ቀን የሚታወቅ ውል

የመንግሥት ውል የሚያበቃበት ቀን ውሉ ከተፈረመበት ዕለት ጀምሮ የታወቀ ነው። ሆኖም አዲስ ጨረታ ሳይወጣ፣ ወይም የወጣው በክርክር ተንጠልጥሎ ሳለ ቀኑ ሲደርስ፣ ነባሩ አቅራቢ ያለ ተወዳዳሪ ይቀራል። ፍርድ ቤትም ሕገ ወጥ ውል ከማራዘምና የሕዝብ አገልግሎት ከማቋረጥ አንዱን ለመምረጥ ይገደዳል። መቀመጫውን ጆሃንስበርግ ያደረገው የደቡብ አፍሪካ ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤት በማኅበራዊ ድጎማ ክፍያ ጉዳይ የገጠመው ይኸው ነበር።

የአገሪቱ ማኅበራዊ ድጋፍ ኤጀንሲ ድጎማ የማከፋፈሉን ሥራ እ.ኤ.አ. በ2012 ለካሽ ፔይማስተር ሰርቪስስ ለአምስት ዓመት ሰጠ። ተሸናፊው ተጫራች ኦልፔይ ከሰሰ። ፍርድ ቤቱ ኅዳር 2013 አሰጣጡ ሕገ ወጥ ነው ሲል ወሰነ። ኤጀንሲው የጨረታው መዝጊያ በተቃረበበት ሰዓት ባወጣው ማስታወቂያ፣ ቀድሞ እንደ ተመራጭ ብቻ ይታይ የነበረውን የአካላዊ መለያ ማረጋገጫ ግዴታ አድርጎት ነበር። በሚያዝያ 2014 ደግሞ አዲስ ጨረታ እንዲወጣ ታዘዘ፤ የድጎማ ተቀባዩ ጉሮሮ እንዳይዘጋ ሲባል ግን ውሉ በሥራ ላይ ቆየ።

ነገሩ የተበላሸው ከዚህ በኋላ ነው። ኤጀንሲው በ2015 ጨረታውን ለማንም ሳይሰጥ ዘጋውና ከሚያዝያ 1 ቀን 2017 ጀምሮ ሥራውን ራሱ እንደሚረከብ ለፍርድ ቤቱ ቃል ገባ። ፍርድ ቤቱም ቃሉን አምኖ በኅዳር 2015 ቁጥጥሩን አነሣ። በሚያዝያ 2016 ኃላፊዎቹ ቃሉን መፈጸም እንደማይቻል ያውቁ ነበር፤ ለፍርድ ቤቱ ግን በጊዜው አላሳወቁም። ብላክ ሳሽ የተባለው የመብት ተሟጋች ድርጅት አቤት ባይል ኖሮ ምን ይሆን እንደነበር መገመት አያዳግትም። ውሳኔው የተሰጠው መጋቢት 17 ቀን 2017፣ ውሉ ሊያበቃ ሁለት ሳምንት ሲቀረው ነበር። ከአሥር ሚሊዮን በላይ ሰዎች የሚቀበሉት ወደ 17 ሚሊዮን የሚጠጋ ድጎማ በዚያ ቀን ላይ ተንጠልጥሏል።

ፍርድ ቤቱ ውሉን በነባሩ ሁኔታ ለ12 ወራት አራዘመ፤ ኩባንያው ሒሳቡን አስመርምሮ እንዲያቀርብና የተቀባዮች የግል መረጃ ከክፍያው ውጭ ለሌላ ዓላማ እንዳይውል አዘዘ፤ ቁጥጥሩንም መልሶ ያዘ። በእኛ እምነት ሌላ አማራጭ አልነበረውም። ስሕተቱ ያለው በ2015 ነው፦ ከጨረታ ወደ መንግሥታዊ ርክክብ የተደረገው ሽግግር በባዶ ቃል ላይ ቆሞ ሳለ የሚከታተለው አካል ገለል አለ።

ተጠያቂነቱ ጅብ ከሄደ በኋላ እንደሚጮኸው ውሻ ሆነ። ሚኒስትሯ ባታቢሌ ድላሚኒ ከክርክሩ ወጪ 20 በመቶውን ከኪሳቸው እንዲከፍሉ በመስከረም 2018 ተወሰነባቸው፤ በ2022 ደግሞ የጆሃንስበርግ ማጂስትሬት ፍርድ ቤት በሐሰት መመስከር ጥፋተኛ አላቸው። ኩባንያው 316 ሚሊዮን ራንድ ገደማ እንዲመልስ ከተፈረደበት በኋላ በ2020 ወደ መፍረስ ሂደት ገባ። ገንዘብ አስመልሱ የሚለው ፍርድ፣ ከፋዩ ከሌለ፣ ወረቀት ነው።

ማራዘሚያ ፈጽሞ ይከልከል የሚሉ ወገኖች አሉ። አንስማማም፤ ክፍያው የሚቋረጥባት አሮጊት ለሕግ የበላይነት ስትል እንድትራብ መጠየቅ አይገባም። ማራዘሚያው ግን ለነባሩ አቅራቢ ትርፍ፣ ለኃላፊውም መሸሸጊያ መሆን የለበትም። የግዥ ሕግ የሚያረቁ ባለሙያዎች የተራዘመ ውል በወጪ ልክ ብቻ እንዲከፈልበት፣ ሒሳቡም ክፍት እንዲሆን መደንገግ ይችላሉ። የተጠቃሚዎች መዝገብ የመንግሥት ንብረት መሆኑና የርክክቡ መንገድ በመጀመሪያው ውል ውስጥ ይጻፍ፤ ደቡብ አፍሪካ የታሰረችበት ትልቁ ገመድ መዝገቡና ማሽኑ በኩባንያው እጅ መሆናቸው ነበርና። በአገራችንም ጨረታ በአቤቱታ ሲታገድ ነባሩ ውል ሲራዘም እናያለን፤ የአቤቱታው መብት ይጠበቅ፣ የውሳኔው ጊዜ ግን ይገደብ።

ለቋሚ ኮሚቴ ባለሙያዎች አንድ የሥራ ሐሳብ አለን። በሚቀጥለው የበጀት ውይይት እያንዳንዱን መሥሪያ ቤት ጠይቁ፦ በ18 ወራት ውስጥ የሚያበቁት ውሎች የትኞቹ ናቸው? ለስንቶቹ ጨረታ ወጥቷል? ላልወጣላቸውስ በስሙ የሚጠየቀው ኃላፊ ማን ነው? መልሱ በጽሑፍ ይቅረብ።