የተሸነፈ ድምፅ የት ይገባል?

ገርጂ፣ የታክሲ ረዳቶች «ቦብ ማርሊ» እያሉ ከሚጠሩት ቦታ ብዙም ሳይርቅ ካለች ካፌ ከጓደኛዬ ጋር ማኪያቶ ይዘን ተቀምጠናል። እሱ እንደ ልማዱ ስልኩ ላይ አቀርቅሯል። ድንገት ሳቀና «የሪሃና አገር ማን ነበር ስሙ?» አለኝ። ባርቤዶስ አልኩት። «አዎ እሱ። ምርጫ ላይ አንድ ፓርቲ 30 ለ 0 አሸነፈ ይላል። ያውም ሁለቴ። እኛ ብቻ ነን ስል ለካ ሌብነቱ ዓለም አቀፍ ነው!»

እኔም ሳቅኩ። ማን ይፈርድብናል? እኛ ባደግንበት አገር አንድ ፓርቲ ሁሉንም ወንበር ወሰደ ሲባል መጀመሪያ የሚመጣልን ጥያቄ «እንዴት አሸነፈ?» ሳይሆን «እንዴት ሰረቀ?» ነው። ማታ ሰሚት ቤቴ ገብቼ ነገሩን ሳገላብጠው ግን የባርቤዶሱ ስርቆት አልነበረም። ሒሳብ ነው።

እንደ ፈረንጆቹ በግንቦት 2018 በሚያ ሞትሊ የሚመራው የባርቤዶስ ሌበር ፓርቲ ከአስር ድምፅ ሰባት ገደማ አገኘ። ትልቅ ድል ነው። ወንበሩ ግን ከአስር አስር ሆነ። እስከዚያ ቀን ሥልጣን ላይ የነበረውን ፓርቲ ከአምስት መራጭ አንዱ መርጦታል፤ ፓርላማ የገባለት ሰው ግን የለም። በጥር 2022 ያው 30 ለ 0 ተደገመ። ያኔ ተሸናፊው ከአራት መራጭ የአንዱን ድምፅ ይዞ ባዶ እጁን ወደ ቤቱ ሄደ።

እንዴት ሆነ? እንግሊዝ ስትገዛቸው የነበሩ አብዛኞቹ የካሪቢያን አገሮች የእሷን የምርጫ ሥርዓት ወርሰዋል። አገሩ በምርጫ ክልሎች ይከፋፈላል፤ በየክልሉ ከሌሎቹ አንድ ድምፅ እንኳን የበለጠ ያገኘ ሰው ይገባል። ግማሹን ማለፍ አይጠበቅበትም። ብዙ ወንበር የያዘው ፓርቲ መሪ ጠቅላይ ሚኒስትር ይሆናል። ሕዝቡ ጠቅላይ ሚኒስትሩን በቀጥታ አይመርጥም፤ የሚመርጠው የሰፈሩን ተወካይ ነው።

ይሄ ማንን መሰላችሁ? እኛን። የሕገ መንግሥታችን አንቀጽ 54 የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት አባላት በየምርጫ ክልላቸው አብላጫ ድምፅ ባገኘው አሸናፊነት ይመረጣሉ ይላል። 547 የምርጫ ክልል አለን፤ አዲስ አበባ 23ቱን ይዛለች። ሦስት ሰዎች ተወዳድረው አንዱ 40፣ አንዱ 35፣ አንዱ 25 ከመቶ ቢያገኙ ባለ 40ው ይገባል። የቀሩት 60 ሰዎች ድምፅ የት ገባ? የትም። ዩኒቨርሲቲ ኢኮኖሚክስ ስንማር «ባክኖ የቀረ» የምንለው ዓይነት ነው፤ ተመርቷል፣ ወጪ ወጥቶበታል፣ ገበያ አልደረሰም።

በዚህ ሥርዓት የሚጎዳው ትንሽ ፓርቲ ብቻ አይደለም፤ ደጋፊው የተበተነበት ፓርቲ ነው። ትሪኒዳድና ቶቤጎ እንደ ፈረንጆቹ በ1981 ባደረገችው ምርጫ አንድ አዲስ ፓርቲ 22 ከመቶ ድምፅ አግኝቶ አንድም ወንበር አላገኘም። በዚያው ምርጫ 15 ከመቶ ያገኘ ሌላ ፓርቲ 8 ወንበር ወሰደ። ልዩነቱ ምን ነበር? የባለ 22ቱ ደጋፊዎች በመላ አገሩ ተበትነዋል፤ የባለ 15ቱ ግን በተወሰኑ አካባቢዎች ተሰብስበዋል።

አሁን ወደ 2013ቱ የኛ ምርጫ ኑ። ኢዜማ በብዙ አካባቢ እጩ ያቀረበ፣ በዜግነት ላይ ቆሜያለሁ የሚል ፓርቲ ነበር። ያገኘው 4 ወንበር ነው። በአንድ ዞን ላይ ያተኮረው የጌዴኦ ሕዝብ ዴሞክራሲያዊ ድርጅት 2 አገኘ። አብን ደግሞ 5። ብልጽግና ውጤታቸው ከተገለጸው 436 የምርጫ ክልሎች 410ሩን ወሰደ። የኢዜማን ድክመት ልሸፍን አይደለም፤ ፓርቲው የራሱ ብዙ ጣጣ ነበረው። ግን ሥርዓቱ ለፖለቲከኛ የሚሰጠውን ምክር ስሙት፦ «በመላ አገሪቱ አትበተን፣ አንድ ቦታ ላይ የአንድ ወገን ሰው ሰብስብ።» ከዚያ እኛ ቁጭ ብለን ለምን ፖለቲካችን በሰፈርና በዘር ሆነ ብለን እንገረማለን። ማበረታቻው እዚያ ውስጥ ተቀምጦ!

አዲስ አበባ ደግሞ የዚህ ታሪክ ዋና መድረክ ናት። ግንቦት 7 ቀን 1997 ዓ.ም. ቅንጅት የከተማዋን 23 የፓርላማ ወንበሮች ጠቅልሎ ወሰደ። ለከተማው ምክር ቤት ደግሞ ከ138 ወንበሮች 137ቱን። እኔ ያኔ ገና ልጅ ነበርኩ፤ የማስታውሰው የጎረቤት ጭብጨባ ነው። አዲስ አበባ ውስጥ ግን ኢሕአዴግን የመረጠ ሰው አልነበረም ማለት ነው? ነበረ። ከ138 አንድ ወንበር ብቻ እንዲደርሰው የሚያደርግ ትንሽ ቁጥርም አልነበረም። ቅንጅት ምክር ቤቱን ሳይረከብ ቀረ፤ ቀጥሎ የሆነውን ወላጆቻችሁን ጠይቁ። ግን ገዢው ፓርቲ በአንድ ቀን ከዋና ከተማው ሙሉ በሙሉ ሲፋቅ የሚሰማውን ድንጋጤ አስቡት። ተመጣጣኝ ድርሻው ተሰጥቶት ምክር ቤት ውስጥ ተቃዋሚ ሆኖ ቢቀመጥ ኖሮ ነገሩ በሌላ መንገድ ይሄድ ነበር? መሐላ አልገባም፤ ግን ጥያቄው ከአእምሮዬ አይወጣም።

ከአምስት ዓመት በኋላ በ2002 ዓ.ም. ሁሉም ተገለበጠ። ኢሕአዴግና አጋሮቹ ከ547 ወንበሮች 545ቱን ወሰዱ። ለመድረክ የቀረችው አንዷ ወንበር ከአዲስ አበባ ነበረች፤ ግርማ ሰይፉ። በ2007 ዓ.ም. ያቺም ጠፍታ 547ቱም የኢሕአዴግና የአጋሮቹ ሆኑ።

እዚህ ላይ ጓደኛዬ «እና ይሄም ሒሳብ ነው ልትለኝ ነው?» ይለኛል። አይደለም ወንድሜ። ወይም ሒሳብ ብቻ አይደለም። የሲቪክ ማኅበራት በ2001ዱ አዋጅ እጃቸው ታስሮ፣ የፀረ ሽብር ሕጉ በጋዜጠኛ ላይ ተመዞ፣ ዞን ዘጠኝ ጦማርያን እስር ቤት ሆነው የተደረገ ምርጫ ነው። በዚያ ላይ ሥርዓቱ የተረፈችውንም ድምፅ ዋጣት።

ሁለቱን ነገር ለመለየት የምትጠቅመኝ አገር ግሬናዳ ናት። ትንሽዬ የካሪቢያን ደሴት፣ ፓርላማዋ 15 ወንበር ብቻ። አንድ ፓርቲ በ2013 15 ለ 0 አሸነፈ፤ በ2018 በድጋሚ 15 ለ 0፤ ሁለቱም ጊዜ ያገኘው ድምፅ 59 ከመቶ ገደማ ነው። (ዓመቶቹ የፈረንጅ ናቸው።) አርባ ከመቶ የሚሆን ሕዝብ አንድም ተወካይ የለውም፤ ከኛ የማይሻል ይመስላል። በ2022 ግን ያው ፓርቲ 9 ለ 6 ተሸንፎ ሥልጣን አስረከበ። ሕጉ አልተቀየረም። የምርጫ ዘመቻው፣ ጋዜጣው፣ የድምፅ ቆጠራው ክፍት ስለነበር ሁሉንም የያዘው ሁሉንም ማጣት ቻለ። ባርቤዶስም ከ2018ቱ 30 ለ 0 በኋላ በቀናት ውስጥ ከአሸናፊው ፓርቲ የተመረጡት ጳጳስ ጆሴፍ አተርሊ ወንበር ቀይረው የተቃዋሚ መሪ ሆኑ፤ ሕገ መንግሥቱ ለተቃዋሚ መሪ ሁለት ሴናተር የመሰየም ሥልጣን ስለሚሰጥ ሴኔቱ ውስጥ የተቃውሞ ድምፅ ገባ። እኛ ጋ እንዲህ ያለ ቦታ በሕግ የተዘጋጀለት የተቃዋሚ መሪ የለም።

ካሪቢያንን ገነት አድርጌ ልሸጥላችሁ አይደለም። ቦብ ማርሊ በ1978 ኪንግስተን መድረክ ላይ የሁለቱን ተቀናቃኝ መሪዎች፣ የማይክል ማንሊንና የኤድዋርድ ሲጋን እጅ ያያዛቸው ለፎቶ አልነበረም፤ ደጋፊዎቻቸው ሰፈር ለሰፈር ይገዳደሉ ነበር። ከሁለት ዓመት በኋላ በነበረው የምርጫ ዓመት ጃማይካ ውስጥ ከ800 በላይ ሰው ሞተ። አሸናፊው ሁሉን ሲወስድ፣ ሰፈርህን ማጣት ሁሉን ማጣት ይሆናል።

ታዲያ መፍትሔው ተመጣጣኝ ውክልና ነው? ማለትም ድምፅህ 30 ከመቶ ከሆነ ወንበርህም 30 ከመቶ? በከፊል አዎ። ግን ጉያናን እዩ። እሷ 65ቱን ወንበር በተመጣጣኝ ውክልና ነው የምታከፋፍለው፤ ፖለቲካዋ ግን አሁንም ከሕንድ በመጡና ከአፍሪካ በመጡ ዜጎች መካከል የተከፈለ ነው። በ2015 ሥልጣን የያዘው ጥምረት 33 ለ 32 ነው ያሸነፈው። በ2020 ደግሞ የምርጫው ውጤት እስኪታወቅ አምስት ወር ፈጀ። ሥርዓት መቀየር መድኃኒት ነው የሚላችሁ ሰው ጉያናን አልሰማም።

ይሁንና ቢያንስ ድምፅ አይባክንም። ይሄን ያልኩት እኔ ብቻ አይደለሁም፤ መንግሥትም ብሎታል። መስከረም 30 ቀን 2009 ዓ.ም.፣ አገሩ በተቃውሞ ሲናጥ፣ ፕሬዚዳንት ሙላቱ ተሾመ ፓርላማው ፊት ቆመው የምርጫ ሕጉ የተለያዩ ድምፆች እንዲወከሉ ሆኖ ይሻሻላል አሉ። ፓርቲዎችም ቅይጥ ሥርዓት ይሁን ብለው ተደራደሩ። ከዚያ ለውጥ መጣ፣ ኢሕአዴግ ራሱ ፈረሰ፣ ጉዳዩ መሳቢያ ውስጥ ቀረ። አዲሱ የምርጫ አዋጅ፣ ቁጥር 1162/2011፣ ሲወጣም አብላጫ ድምፁ ባለበት ቆየ።

ሰበቡ ይታወቃል፤ አንቀጽ 54ን ለመንካት ሕገ መንግሥት ማሻሻል ይጠይቃል። የሁለቱ ምክር ቤቶች የጋራ ስብሰባ ሁለት ሦስተኛ፣ በዚያ ላይ ከክልል ምክር ቤቶች ሁለት ሦስተኛው። ዛሬ ባለንበት ሁኔታ ማን ይደፍረዋል?

የአዲስ አበባ ምክር ቤት ግን ሌላ ነው። አንቀጽ 54 የሚናገረው ስለ ፌዴራሉ ፓርላማ ነው። ስለ አዲስ አበባ የሚናገረው አንቀጽ 49 ደግሞ ከተማዋ ራሷን ታስተዳድራለች፣ ዝርዝሩ በሕግ ይወሰናል ይላል። የከተማዋ ቻርተርም አዋጅ ነው። እኔ እንደማነበው 138ቱን ወንበር በተመጣጣኝ ውክልና ለማድረግ ሕገ መንግሥት መንካት አያስፈልግም፤ አዋጅ ማሻሻል ይበቃል። በከተማው 30 ከመቶ ያገኘ ፓርቲ 41 ወንበር ይዞ ስለ ኮሪደር ልማቱ፣ ስለ ቤት ኪራይ፣ ከቦሌና ከየካ ዳርቻ ስለተነሱ ሰዎች ምክር ቤት ውስጥ ይጠይቃል። ገዢው ፓርቲ አሁንም ያሸንፍ ይሆናል፤ ግን ፊት ለፊቱ ሰው ይቀመጣል። ደግሞ አንድ ቀን ተራው ሲደርስበት እሱም ከ138 አንድ ይዞ አይቀርም። 1997ን ከማንም በላይ ማስታወስ ያለበት ገዢ የሆነ ሰው ነው።

ለኛ ለተከራዮች ደግሞ ሌላ ጥቅም አለው። እኔ በአራት ዓመት ውስጥ ጎሮ፣ ቦሌ ቡልቡላና ሰሚት ኖሬያለሁ። ኪራይ በጨመረ ቁጥር ፍራሼን ተሸክሜ ነው። ለምርጫ ለመመዝገብ በምርጫ ክልሉ ቢያንስ ስድስት ወር መኖር ይጠበቅብኛል፤ አከራዬ ደግሞ ይሄን አያውቅላትም። በገባሁበት ሰፈር እጩው ማን እንደሆነ ሳልለይ እወጣለሁ። ከተማው በሙሉ እንደ አንድ ክልል ቢቆጠር ግን የካ አባዶም ኖርኩ አያት፣ ድምፄ የሚደመረው አንድ ቋት ውስጥ ነው።

ይሄን ሁሉ በማግስቱ ለጓደኛዬ ነገርኩት። ዝም ብሎ ሰማኝና «እሺ፣ አንተ አሁን የየት ወረዳ ነህ?» አለኝ። መታወቂያዬን አውጥቼ አየሁት። አሁንም ጎሮ ይላል።