ስለ ኮክና ስለ አፕሪኮት

በኮልፌ ቀራንዮ በአንዳንድ ግቢ የሚያፈራው ኮክ በጥቂት ቀን ተበልቶ ካላለቀ ይበሰብሳል፡፡ ዘመዱ አፕሪኮት ግን በቱርክ አገር በማላቲያ አውራጃ በፀሐይ እየደረቀ ዓመቱን ሙሉ ለዓለም ገበያ ይቀርባል፤ በዚህም ቱርክ ከሁሉ ቀዳሚ ናት፡፡ ሆኖም ዓለም የአንድ አውራጃን ዛፍ ተስፋ ማድረጉ አደጋ አለው፤ በሚያዝያ 2017 ዓ.ም. የወረደው ውርጭ የማላቲያን ዛፎች አበባና እንቡጥ ስላቃጠለ ዋጋው እጅግ ተወደደ፡፡

አፕሪኮት ብርቱ ብርድ ያለው ወራት ይሻልና እርሱን እንትከል አንልም፤ ኮኩ ግን በእጃችን ነው፡፡ የክፍለ ከተማው ሹማምንት ስለ መልካም ችግኝ በሆለታ የሚገኘውን የእርሻ ምርምር ማዕከል ቢጠይቁ፥ የአድባራት አለቆችም ከዐፀዳቸው ጥቂት ስፍራ ቢሰጡ እንወዳለን፡፡ ማድረቂያው ከእንጨትና ከወንፊት የሚሠራ ነው፤ የደረቀውም ፍሬ ለጾም ወራት ይሆናል፡፡