ምርቃቱ ዘይት ዕዳ እንዳይሆን

አሮጌ ትራንስፎርመር በጨረታ የሚገዛ ነጋዴ ዓይኑ መዳቡ ላይ ነው። ዘይቱ ምርቃት ይመስለዋል። በእኛ እምነት ዕዳው ያለው እዚያው ዘይቱ ውስጥ ነው።

ፒ.ሲ.ቢ. የተባለው ኬሚካል እሳት በቀላሉ ስለማይበግረው ለአሥርተ ዓመታት በትራንስፎርመርና በካፓሲተር ሲሞላ ኖሯል። በሰውነት ስብ ውስጥ ይከማቻል፤ ከእናት ወደ ጽንስ፣ በጡት ወተትም ወደ ሕፃን ያልፋል። ዓለም አቀፉ የካንሰር ምርምር ኤጀንሲ እ.ኤ.አ. በ2013 ካንሰር አምጪ ብሎ ፈርጆታል።

«ጥቂት ቢቀላቀል ምን ያመጣል?» የሚል የቤልጂየምን ገበያ ይጠይቅ። እ.ኤ.አ. በ1999 ፒ.ሲ.ቢ. ያለበት የትራንስፎርመር ዘይት ለእንስሳት መኖ ከሚውል ስብ ጋር ተደባለቀ። ዶሮውና እንቁላሉ ከመደርደሪያ ተነሣ፤ የውጭ ገዢዎች በራቸውን ዘጉ፤ ሁለት ሚኒስትሮች ሥልጣን ለቀቁ። አንድ ወር እንኳ ሳይሞላ መንግሥቱም በምርጫ ተሸነፈ። ይህ ሁሉ ከጥቂት ዘይት!

ኢትዮጵያ አባል የሆነችበት የስቶክሆልም ስምምነት በኪሎ ከ50 ሚሊግራም በላይ ፒ.ሲ.ቢ. ያለበት ዘይት እስከ 2028 በአግባቡ እንዲወገድ ጥረት ይደረግ ይላል። የማስወገጃው ወጪ በማን ይሁን? የምርመራውን ውጤት ከጨረታ ሰነዱ ጋር ማያያዝ ያለበት ሻጩ ነው። ካላያያዘ ገዢው ማስያዣውን ከማስገባቱ በፊት ይጠይቅ፤ መልስ ካጣ ዋጋ አይስጥ።